የአያ ሙሐመድዘይን ዓይን እና አንድ ተኩል ጎል

አያ ሙሐመድዘይን ሱቄ በር ላይ ቆመው «ጀሚል፣ ይኼ ሃንዲካፕ የሚሉት ነገር ምንድን ነው?» ያሉኝ ቀን፣ በእጄ የነበረውን ሱሪ አንዱን እግር ከሌላው አሳጥሬ ቆረጥኩት። ሱሪው የአንድ መምህር ነበር። እስከ ዛሬ ባየኝ ቁጥር እግሩን እያየ ያልፋል።

እንዴት አልደነግጥ! ከሚሴ ውስጥ ስለ ኳስ ውርርድ ይጠይቃሉ ተብለው የማይጠረጠሩ ሰዎች ቢቆጠሩ አንደኛው የመስጊዱ ኢማም፣ ሁለተኛው እሳቸው ናቸው። ዕድሜያቸው ስልሳን አልፏል። ሶላት አያልፋቸውም፤ ጫቱን እንኳ ትተዋል። እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ሱቄን ከውርርድ ቤቱ የሚለየው አንድ ስስ ግድግዳ ነው። እዚያ ማዶ ጎል ሲገባ እዚህ መቀሴ ይዘላል። እውነቱን ለመናገር እኔም አልፎ አልፎ ትኬት እቆርጣለሁ። ሐራም መሆኑን አውቃለሁ። ባለቤቴ ሳቢራም እንደምቆርጥ ታውቃለች፤ በዚህ ጉዳይ ከእሷ የተረፈ ስድብ ስለሌለ አንባቢ አዲስ ለመፈለግ ባይደክም ደስ ይለኛል።

አያ ሙሐመድዘይንን ለማያውቃቸው ልንገር። ጨፋ ሮቢት ረቡዕ ረቡዕ የከብት ገበያ ይቆማል። እዚያ ከብት ሁሉ በብር አይሸጥም፤ በሬ በበሬ የሚለውጥም አለ። አንዱ የሚያርስለት ይፈልጋል፣ ሌላው አድልቦ የሚሸጠው። ሁለት በሬዎች ደግሞ እኩል ሆነው አያውቁም፤ ስለዚህ ያነሰውን የያዘው ሰው ጭማሪ ይሰጣል። ጭማሪው ምን ያህል ይሁን? ጠብ የሚነሳው እዚህ ላይ ነው፤ አያ ሙሐመድዘይን የሚጠሩትም እዚህ ላይ ነው። በሁለቱ በሬዎች መሃል ይቆማሉ። የአንዱን ሻኛ፣ የሌላውን ጥርስ፣ የሁለቱንም ሰኮና ያያሉ። ትንሽ ያስኬዷቸዋል። ከዚያ አንድ ቁጥር ይናገራሉ፣ አንድ ጊዜ ብቻ። ከተናገሩ በኋላ አይጨምሩም፣ አይቀንሱም። ሁለቱ ሰዎች እጅ ለእጅ ይመታሉ፣ ዱዓ ይደረጋል፣ ሁለቱም አልተበደልኩም ብለው ወደየቤታቸው ይገባሉ። ሠላሳ ዓመት እንዲህ ኖረዋል። በገበያው «ሙሐመድዘይን አይቶታል» ከተባለ ክርክር የለም።

እንግዲህ እኚህ ሰው ናቸው ስለ ሃንዲካፕ የጠየቁኝ።

«ምን ሆኑ አያ? ማን ሞተ?» አልኳቸው።

«ማንም አልሞተም። ቶፊቅ ጊደሯን ሊሸጥ ነው።»

ቶፊቅ ልጃቸው ነው፤ ሃያ አራት ዓመቱ ነው፣ ባጃጅ ይነዳል። ጊደሯ ደግሞ እንዲሁ ጊደር አይደለችም፤ የሀንዱራው ዘር ናት። በእኛ አገር ልጅ ተወልዶ እትብቱ ሲቆረጥ ከብት ይሰጠዋል፤ ያ ሀንዱራ ይባላል። ያች ከብትና የምትወልደው ሁሉ የልጁ ነው፤ ወላጅ አባትም ቢሆን እጁን አያስገባበትም። ለቶፊቅ ሀንዱራውን የመረጠችለት እናቱ ዘሃራ ነበረች። ዘሃራ ከሦስት ዓመት በፊት ወደ አኼራ ሄደች፣ አላህ ይዘንላት። ከዚያ ሁሉ ዘር የቀረችው ያቺ አንዲት ቀይ ጊደር ናት።

«ሸጦ ምን ሊያደርግ?» አልኩ፤ መልሱን ግን ግድግዳው ቀድሞ ነግሮኝ ነበር።

«ከሦስት ሳምንት በኋላ የአውሮፓ ዋንጫ ፍጻሜ አለ ይላሉ። እሱ ላይ ሊያስይዛት። ከጓደኞቹ ሰማሁ።» ኮፍያቸውን አውልቀው መልሰው አደረጉ። «አትሽጥ እንዳልለው የራሱ ናት። ልምከረው እንዳልል፣ እኔና እሱ መቼ እናወራለን? እናቱ ከሞተች ወዲህ ‹አደርክ?› ‹አደርኩ›፣ ‹በላህ?› ‹በላሁ› ነው። ልጄን የያዘው ነገር ምን እንደሆነ ካላወቅሁ በምን አፌ ልመልሰው? አስተምረኝ ጀሚል።»

አንጀቴን በሉት። ሱሪውን ወዲያ ጣልኩና ወንበር ሳብኩላቸው።

አንድ ቀይና አንድ ሰማያዊ የክር ጥቅል ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ። «ይመልከቱ አያ። ፍጻሜውን የሚጫወቱት እነዚህ ሁለቱ ናቸው። ቀዮቹ ጠንካራ ቡድን ናቸው፤ ሰማያዊዎቹ ደከም ይላሉ። ማን ያሸንፋል ቢባል ሰው ሁሉ ቀዮቹ ይላል። ሰው ሁሉ አንድ ወገን ከያዘ ደግሞ ውርርድ የለም። ስለዚህ ውርርድ ቤቱ ቀዮቹ ላይ ሸክም ይጭንባቸዋል። ‹ማይነስ አንድ› ይላል። ቀዮቹ ገና ሳይጫወቱ አንድ ጎል እንደተቀነሰባቸው ይቆጠራል። ሁለት ለዜሮ ቢያሸንፉ አንዷ ትቀነስና አንድ ለዜሮ ይሆናል፤ ቀዮቹን የያዘ ሰው በላ። አንድ ለዜሮ ካሸነፉ ግን ያቺው አንዷ ስትቀነስ እኩል ለእኩል ይመጣል፤ ብርዎ ይመለስልዎታል።»

«የኔ?»

«የተወራረደው ሰው።»

«እንደሱ በል።»

«አንዳንዴ ደግሞ ማይነስ አንድ ተኩል ይሆናል።»

«ተኩሉ ምንድን ነው? ግማሽ ጎል ገብቶ ያውቃል? ግማሽ በሬ ሥጋ ቤት ካልሆነ የት አየህ?»

«አይገባም። እኩል ለእኩል የሚባል እንዳይመጣ ነው የተጨመረው። በአንድ ተኩል፣ ቀዮቹ በአንድ ጎል ቢያሸንፉ ዋንጫውን ይወስዳሉ፣ እነሱን የያዘው ሰው ግን ተበላ። ሰማያዊዎቹን የያዘው ደግሞ ቡድኑ ሜዳ ላይ እያለቀሰ እሱ ብሩን ይቀበላል። ቀዮቹን የያዘ የሚበላው በሁለትና ከዚያ በላይ ሲያሸንፉ ብቻ ነው።»

ክሮቹን ረጅም ጊዜ አዩ። ቀዩን ትንሽ ወደ ኋላ ሳቡት፤ ሰማያዊውን ትንሽ ወደፊት ገፉት። ከዚያ ፊታቸው በራ። «ኤዬ! ኤዬ!» አሉ፤ ደስ ሲላቸው ወደ ኦሮምኛው ነው የሚሄዱት። «ጭማሪ ነዋ! ወላሂ ጭማሪ ነው! ያነሰው በሬ ላይ ጨምረህ ከትልቁ ጋር ታስተካክለዋለህ። ይኼማ የኔ ሥራ ነው እኮ!»

እኔ አንድ ወር ሙሉ እየተበላሁ የተማርኩትን እሳቸው በሁለት ክር ጨረሱት። ብስጭት አለኝ፤ አልደብቅም።

«ጭማሪውን የሚቆርጠው ሰውዬ ማን ነው?» አሉኝ ሲነሱ።

«ሰውዬ የለም አያ። ኩባንያ ነው። ኮምፒውተር ነው።»

«ሁለቱንም አይቶ የተናገረ ሽማግሌማ መኖር አለበት። ዝም ብሎ ቁጥር ከየት ይመጣል?»

«እሺ፣ ይኖራል» አልኳቸው፣ የመምህሩ ሱሪ እያንገበገበኝ። ያ ጥፋት የኔ ነው። አያ ሙሐመድዘይን ከሱቄ የወጡት ባሕር ማዶ እንደሳቸው ያለ አንድ አላህን የሚፈራ ሰው በሁለት ቡድኖች መሃል ቆሞ የእግራቸውን ጥንካሬ እያየ ቁጥር እንደሚናገር አምነው ነው።

ከዚያ ቅዳሜ ጀምሮ ኳስ ማሳያ ቤቱ ውስጥ ፊት ለፊት ይቀመጡ ጀመር። ሽርጣቸውን ሰብስበው፣ ዱላቸውን በጉልበታቸው መሃል አቁመው። ኳሱን አይደለም የሚያዩት፤ ኳሱ የት እንዳለ ብትጠይቋቸው አያውቁም። የሚያዩት እግር ነው፣ ትንፋሽ ነው፣ ወድቆ የሚነሳው እንዴት እንደሚነሳ ነው። «ያ ረጅሙ ሲነሳ በእጁ ነው የተደገፈው፤ ጉልበቱ ላይ ነገር አለ» ይላሉ። አሥር ደቂቃ ሳይሞላ ረጅሙ ተቀይሮ ይወጣል። «እነዚህ እርስ በርስ አይተያዩም፤ ተኳርፈዋል። ዛሬ አይሆንላቸውም።» አይሆንላቸውም። በመጀመሪያው ሳምንት ጎረምሳው ሁሉ ሳቀባቸው። በሁለተኛው ሳምንት እሳቸው ሲናገሩ ቤቱ ጸጥ ይል ጀመር። በአንድ ያልፋሉ፣ በሁለት ያልፋሉ ይላሉ፤ እንዳሉት ይሆናል። ትኬት ግን በእጃቸው አልነኩም። «ማየት ሐራም አይደለም» ነበር ቃላቸው።

ቶፊቅ አባቱን እዚያ ቤት መጀመሪያ ያየ ዕለት ከበሩ ተመለሰ። በማግስቱ መጥቶ ከኋላ ቆመ። በሦስተኛው ቀን አጠገባቸው ያለው ወንበር ባዶ ነበር፤ መጥቶ ተቀመጠበት። እኔ ከኋላቸው ነበርኩ። ብዙ ቆይቶ፣ ፊቱን ከቴሌቪዥኑ ሳያነሳ፣ «አባ፣ አሥራ አንድ ቁጥሩ እንዴት ነው?» አለ።

አያ ሙሐመድዘይንም ዞር አላሉም። «እግሩ ጥሩ ነው» አሉ። «ልቡ ግን ይቸኩላል።»

«እንደኔ።»

አባትየው ሳቁ። ዘሃራ ከተቀበረች ወዲህ ያንን ሳቅ ሰምቼው አላውቅም። ዓይኔን ጠረግሁ፤ አጠገቤ የነበረው ሰው ሲያየኝ አቧራ ነው አልኩት። አቧራ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ አባትና ልጅ አብረው በባጃጅ ይመጣሉ፣ አብረው ይሄዳሉ። በዕረፍት ሰዓት ቶፊቅ ሳምቡሳ ገዝቶ ይመጣና ትልቁን ለአባቱ ይሰጣል። አንድ ቀን አንድ ተጫዋች ቢጫ ካርድ አይቶ ዳኛው ላይ ሲጮህ፣ አያ ሙሐመድዘይን «እናትህ እንዲህ ነበረች፤ ጥፋቱ የሷ ሲሆን ነው ድምጿ የሚጨምረው» አሉ። ቶፊቅ ሳምቡሳው ጉሮሮው ላይ እስኪቀር ሳቀ። ስሟን በመሃላቸው ሲያነሱ የሰማሁት ያኔ ነው። በጣም ደስ ብሎኝ ነበር፤ በደስታዬ መሃል ግን ግድግዳው ሌላ ነገር አሰማኝ።

ቶፊቅ ለጓደኞቹ ሲናገር ነው። «የአባዬ ዓይን አይስትም» ይላል። «ፍጻሜውን በስንት እንደሚያልፉ እሱ ይነግረኛል። እሱ ይበል እንጂ ጊደሯን ረቡዕ እሸጣታለሁ።»

መቀሴን አስቀምጬ በቀጥታ አያ ሙሐመድዘይን ቤት ሄድኩ። ነገሩን ስነግራቸው አልደነገጡም።

«አውቃለሁ» አሉ።

«ካወቁ ለምን ዝም ይላሉ? ልትመልሱት አልነበረም ወይ የተማራችሁት?» ንዴቴ አንቱታውን ሳይቀር አመሰቃቀለብኝ።

«ነበር።» ዱላቸውን መሬት ላይ አሽከረከሩ። «ተው ካልኩት ኳሱን ይተዋል። ኳሱን ሲተው እኔንም ይተወኛል።»

«ጊደሯስ? የዘሃራ ጊደር!»

«ጀሚል፣ ያንተ ቤት ልጆች ይንጫጩበታል፤ ሳቢራ ትቆጣሃለች። ዝም ያለ ቤት ምን እንደሆነ አታውቅም።»

ቤቴ ስገባ ልጆቼ ሲጮሁ ያን ቀን ብቻ አልተቆጣኋቸውም።

ፍጻሜው ቅዳሜ ነበር። ረቡዕ ጠዋት ወደ ጨፋ ሮቢት ሄድኩ። ሥራ ነበረኝ ብዬ ብዋሽ ማንም አያምነኝም፤ ነገሩን ለማየት ነው የሄድኩት። ቶፊቅ ጊደሯን እየነዳ ሌሊቱ ሳይነጋ ወጥቷል። እኔና አያ ሙሐመድዘይን በሚኒባስ ጎን ለጎን ተቀመጥን። መንገዱ በዝምታ አልገፋ ሲለኝ ወሬ ጀመርኩ።

«ለፍጻሜው ውርርድ ቤቱ ሰኞ ቀዮቹን ማይነስ አንድ ብሎ ነበር፤ ዛሬ አንድ ተኩል አድርጎታል» አልኳቸው።

ቀና አሉ። «ከሰማያዊዎቹ የታመመ አለ?»

«የለም።»

«ከቀዮቹ ታሞ የዳነ?»

«እሱም የለም። ከሰኞ ወዲህ ጨዋታም አልተጫወቱም።»

«በሬዎቹ ሳይለወጡ ጭማሪው እንዴት ይለወጣል?»

«ሰው ሁሉ ቀዮቹን ያዘባቸው እኮ! አንድ ወገን ብቻ ሲከብድባቸው ቁጥሩን ከፍ ያደርጉታል፤ ሰዉ ፈራ ብሎ ወደ ሰማያዊዎቹ እንዲሄድ። ከዚያም ቢከብድ መልሰው ያወርዱታል።»

አያ ሙሐመድዘይን ወደ መስኮቱ ዞሩ። የጨፋ ማሽላ ማሳ፣ ከዚያ በቆሎው፣ ከዚያ ከብቶቹ አለፉ። ሰላምታ የሚሰጧቸውን ሰዎች እንኳ አላዩም። ልንደርስ ስንል ነው የተናገሩት።

«እንግዲያው ሰውዬው በሬዎቹን አያይም» አሉ። «የሚያየው እኛን ነው። እኔ ጭማሪ የምቆርጠው ሁለቱም ሳይበደሉ ወደ ቤታቸው እንዲሄዱ ነው። እሱ የሚቆርጠው ሁለቱም እንዲመጡለት ነው። ለምን አልነገርከኝም?»

«የሚያውቁ መስሎኝ» አልኩ። ውሸት ነው። ስላልጠየቁኝ ደስ ብሎኝ ነበር፤ ሰው ዓይኑ እያየ እንደሚበላ ሲናገር ያፍራል።

ገበያው ደምቋል። ቶፊቅ የጊደሯን ገመድ ይዞ ጥላ ሥር ቆሟል። ታጥባ ነው የመጣችው፤ ቆዳዋ ያበራል። ከባቲ የመጣ አንድ ነጋዴ ዞር ዞር ብሎ አይቷት ዋጋ ተስማምተዋል፤ እጅ መማታት ብቻ ቀርቷቸዋል። የከሚሴ ጎረምሶች ከብት የማይገዙት ሳይቀሩ ተሰብስበዋል። በስተቀኝ ደግሞ ሁለት ገበሬዎች በሬዎቻቸውን ይዘው አያ ሙሐመድዘይን እንዲገምቱላቸው ይጠብቃሉ።

«አባ፣ መጣህ!» አለ ቶፊቅ። ዓይኑ ላይ ያየሁት ስግብግብነት አልነበረም፤ በአባቱ መኩራት ነበር። ያ ነው ነገሩን ያከበደው። «እስቲ በል። አንድ ተኩሏን ያልፏታል? ቀዮቹ በስንት?»

አያ ሙሐመድዘይን ልጃቸውን አዩ፤ ጊደሯን አዩ፤ እጃቸውን ሻኛዋ ላይ አሳረፉ።

«ይህን አልገምትም» አሉ። «የወገን ነው።»

በጨፋ ሮቢት ይህ ደንብ ነው። ገማች የወንድሙ፣ የልጁ፣ የአማቹ በሬ ያለበት ልውውጥ ውስጥ አይገባም፤ ‹የወገን ነው› ይልና ሌላ ሰው ይጠራል። ሁሉም ያውቀዋል። ግን አንዱ ከኋላ «አያ፣ ኳስ እኮ ነው! ቀዮቹ የማን ወገን ናቸው?» ብሎ ሰዉን አሳቀው።

«የልጄ ናቸው» አሉ አያ ሙሐመድዘይን፣ ሳይስቁ። «ልጄ የወደደው ሁሉ ለኔ ወፍሮ ይታየኛል። ዓይኔ ተበላሽቷል። በስንት እንደሚያልፉ አላውቅም።»

‹አላውቅም› የሚለውን ቃል ያ ገበያ ከሳቸው አፍ ሰምቶት አያውቅም። ሳቁ ወዲያው ቆመ። ከሚጠብቁት ገበሬዎች አንዱ የበሬውን ገመድ ሰብሰብ አደረገና ለጓደኛው «ዓይኔ ተበላሽቷል ካለማ ሌላ ሰው እንፈልግ» አለው። የሰማው ግማሹን ነው፤ ወሬ ደግሞ ግማሹ ነው የሚሮጠው። ከዚያ በኋላ ለብዙ ረቡዕ የጠራቸው ሰው ጥቂት ነበር። አያ ሙሐመድዘይን ገበሬው ሲሄድ አይተውታል። ሠላሳ ዓመት የገነቡት ስም በሬ ይዞ ሲሄድ አይተው፣ አልጠሩትም።

ከዚያ ወደ ቶፊቅ ጠጋ አሉ። ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ፤ እኔ ግን ቅርብ ነበርኩ።

«ኳሱን ማየት የጀመርኩት አንተን ልመልስ ነበር። ከዚያ አጠገቤ ተቀመጥክ፤ ደስ አለኝ። ደስታዬ እንዳያልፍብኝ ፈርቼ ዝም አልኩህ። ኳሱ ሲያልቅ የምትሄድብኝ እየመሰለኝ። እናትህ የሰጠችህ ናት፣ ያንተ ናት፤ ብትሸጣትም እጅህን አልይዝም። የኔን ዓይን አምነህ ግን አትሽጣት። ይኼው ነው።»

«በል እንጂ ልጄ፣ እጅህን አምጣ!» አለ ነጋዴው መዳፉን ዘርግቶ።

ቶፊቅ የተዘረጋውን እጅ አየ። ተናዶ ይሁን አፍሮ መለየት አልቻልኩም። ገመዱን መዳፉ ላይ ጠቅልሎ፣ ጊደሯን አዙሮ፣ በከሚሴ መንገድ ብቻውን ሄደ። አያ ሙሐመድዘይን ሊከተሉት ሲሉ ክንዳቸውን ያዝኩ። «አብሽሩ አያ፣ ጊደሯ ተርፋለች» አልኳቸው። እሳቸው ግን ያሰቡት ስለ ጊደሯ አልነበረም።

ሐሙስ ‹አደርክ?› ‹አደርኩ› ሆነ። ዓርብም ‹በላህ?› ‹በላሁ›። ይህን የነገሩኝ ከጁምዓ ሶላት ስንወጣ ነው።

ቅዳሜ መግሪብ ተሰግዶ ኳስ ማሳያ ቤቱ ሞላ። ጨዋታው የሚጀመረው ወዲያው ነበር። አያ ሙሐመድዘይን ቀድመው መጥተው ቦታቸው ተቀምጠዋል። አጠገባቸው ያለው ወንበር ባዶ ነው። ሰው እንዳይቀመጥበት ኮፍያዬን አኖርኩበት፤ ሦስት ሰው ተጣላኝ፣ ሦስቱንም መለስኩ። ጨዋታው ተጀመረ፤ ቶፊቅ የለም። ቀዮቹ አንድ አገቡ፣ ቤቱ ተናወጠ፤ ቶፊቅ የለም። አያ ሙሐመድዘይን ያን ቀን እግርም ትንፋሽም አላዩም። ዓይናቸው በሩ ላይ ነበር።

ከዕረፍት መልስ አንድ እጅ ኮፍያዬን አነሳና ወደ እኔ ወረወረው። ቶፊቅ ነው። ተቀመጠ። የአያ ሙሐመድዘይን ትከሻ ቀስ ብሎ ሲወርድ አየሁት።

ጨዋታው አንድ ለዜሮ እንዳለ ሊያልቅ ምንም አልቀረውም ነበር። በውስጤ፣ ያ ረብ፣ እንዲሁ ይለቅ አልኩ፤ በዚያው ካለቀ አንድ ተኩሏ አልታለፈችም፣ ጊደሯን ያልሸጠ ልጅ ምንም አይቆጨውም። በኪሴ ግን ቀዮቹን የያዝኩበት ትኬት ነበር። ሰው ማለት እንዲህ ነው፤ ልቡ አንድ ወገን፣ ኪሱ አንድ ወገን። በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ያ የቀዮቹ አሥራ አንድ ቁጥር ብቻውን አምልጦ ሁለተኛውን አገባ። ዘልዬ ተነሳሁ፤ ወዲያው አፍሬ ተቀመጥኩ። በላሁ። ኳሱ ደግሞ በተጀመረ ወር ሳይሞላው የበላሁትን ከነልጅ ልጁ ለውርርድ ቤቱ መለስኩ።

«ቶፊቅ!» አለ አንዱ ከኋላ። «ጊደርህ ዛሬ በረት ትሞላልህ ነበር እኮ! የአባትህ ‹አላውቅም› አስበላህ!»

ቤቱ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ አባትና ልጁን አየ። ቶፊቅ ተነስቶ የአባቱን ዱላ አነሳላቸውና መንገድ እየከፈተላቸው ወጡ። እኔንም በባጃጁ ጫነኝ።

ከኋላ እኔና አያ ሙሐመድዘይን ነን። ቤታቸው በር ላይ ስንደርስ ቶፊቅ ሞተሩን ሳያጠፋ፣ ሳይዞርም፣ «አባ» አለ፤ «ረቡዕ ዕለት በልብህ ስንት ብለህ ነበር?»

ክንዳቸውን ቆነጠጥኳቸው። ይዋሹ ብዬ ነው፤ አንድ ጊዜ እንኳ።

«ሁለት» አሉ።

«ለዜሮ?»

«ለዜሮ።»

«ታዲያ አላውቅም ያልከኝ?»

«አላውቅም ነበራ። ልብ ያለውና ዓይን ያየው አንድ አይደለም፤ እኔ ደግሞ የቱ የቱ እንደሆነ ጠፍቶብኝ ነበር። ነግሬህ ዛሬ ብትበላ፣ በሚመጣው ጊዜ ደግሞ ትጠይቀኛለህ። አንድ ቀን እስታለሁ። ያን ቀን ጊደሯም የለች፣ አንተም የለህ። መብላትህን ነው የፈራሁት ልጄ፤ መበላትህን አይደለም።»

ቶፊቅ በእጅጌው ፊቱን ጠረገ። አያ ሙሐመድዘይን ለመውረድ እግራቸውን አወጡ፤ ከዚያ ቆም አሉ። ሰምቼው በማላውቀው ትንሽ ድምፅ፣ «እንግዲህ ኳሱ አለቀ» አሉ።

«አለቀ።»

«መቼ ነው ደግሞ የሚጀመረው?»

«ከሁለት ወር በላይ ይቆያል።»

«ረጅም ነው» አሉ አያ ሙሐመድዘይን።

ቶፊቅ ሞተሩን አጠፋ። ያኔ ነው ወደ ኋላ የዞረው።

«አባ፣ እኔ ኳስ የማየው በስልኬ ነው» አለ። «ጨዋታው ሁሉ ስልኬ ላይ አለ። እዚያ ቤት አንተን ካየሁህ ቀን ጀምሮ የምመጣው አንተ ስላለህ ነው።»

የኔ ቤት ገና ሩቅ ነበር፤ ግን ወርጄ በእግሬ ሄድኩ።